እሾህን በእሾህ
ለበጎ ነገር ሲባል መዋሸት ይቻላልን?

አባቶቻችን «እሾህን በእሾህ» ይላሉ። እግር ውስጥ የገባ እሾህ ሌላ እሾህ ተፈልጎ በእርሱ ይነቀሳል። ይህን አባባል የማያውቅ የለም። ነገር ግን ብዙ ጊዜ ሳንጠይቅ የምናልፈው ጥያቄ አለ። ነቃሹ እሾህ ራሱ ጫፉ ተሰብሮ ሥጋ ውስጥ ቢቀርስ? ያን ጊዜ በአንዱ ፈንታ ሁለት እሾህ ተሸክመን መሄዳችን አይደለምን?

ይህን ጥያቄ ዛሬ የምናነሣው ስለ አንድ ልዩ የሥራ ዓይነት ነው። ማንነታቸውን ሰውረው ከአደንዛዥ ዕፅ አዘዋዋሪዎች ጋር እየበሉ፣ እየጠጡና እየሳቁ ኖረው በመጨረሻ ለሕግ አሳልፈው የሚሰጧቸው ስውር መርማሪዎች አሉ። በፊልም ስናያቸው ጀግኖች ናቸው። በእኛ ቋንቋ ግን ሰውን ተጠግቶ ምሥጢሩን ለሌላ የሚያቀብል ሰው «ጆሮ ጠቢ» ይባላል፤ ስሙም የሚወደድ ስም አይደለም። እናት ልጇን «ከእርሱ ፊት አታውራ» ብላ የምታስጠነቅቅበት ስም ነው። እንግዲህ ውድ ወንድሞችና እኅቶች፣ ይህ ሰው የትኛው ነው? ጀግና ነው ወይስ ጆሮ ጠቢ? መልሱን ከመስጠታችን በፊት ኑሮውን በጥቂቱ እንመልከት።

ሮበርት ማዙር የአሜሪካ የጉምሩክ መርማሪ ነበር። ከ1986 እስከ 1988 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) «ሮበርት ሙሴላ» በሚል ስም በፍሎሪዳ ከወንበዴዎች ጋር ንክኪ ያለው ሀብታም ነጋዴ መስሎ ኖረ። እንዲህ ያለውን ሰው መምሰል በጥቁር መነጽርና በውድ ልብስ ብቻ የሚሆን አይደለም። የኮኬይን ነጋዴዎች ማን እንደሆነ ሳያጣሩ ለማንም ገንዘብ አያስረክቡም። ስለዚህ የመዋዕለ ንዋይ ድርጅት፣ የጌጣጌጥ መደብሮችና የአውሮፕላን ኪራይ አገልግሎት ያለው ሰው ሆኖ እንዲታይ ተደረገ። በቦርሳው ውስጥ ደግሞ የተደበቀ የድምፅ መቅረጫ ነበረው።

ማዙር የተሰጠው ሥራ ዕፅ መሸጥ አልነበረም። በኮሎምቢያ የሜዴሊን ነጋዴዎች በአሜሪካ ከተሞች ኮኬይን ሸጠው የሰበሰቡትን ገንዘብ ተቀብሎ፣ በባንክ አዙሮ፣ ንጹሕ የንግድ ገንዘብ አስመስሎ እንዲመልስላቸው ነበር። በዚህ መንገድ ገንዘቡ በማን እጅ እንደሚያልፍ፣ የትኛው ባንክ ዐይኑን ጨፍኖ እንደሚቀበል ተመለከተ። ይህን ሁሉ ሲያደርግ የገዛ ሚስቱና ሁለት ልጆቹ በሌላ ቤት፣ በእውነተኛ ስሙ ይኖሩ ነበር።

የሥራው ፍጻሜ ሠርግ ነበር። እጮኛው መስላ አብራው የምትሠራ መርማሪ ነበረች። ሁለቱ በጥቅምት 1988 በታምፓ ከተማ አጠገብ ሊጋቡ ነው ተባለና ጥሪ ወጣ። ተጠርጣሪዎቹ ከሩቅ አገር ጭምር ተሳፍረው መጡ። በዋዜማው ወንዶቹ ለሙሽራው ክብር ወደ ተዘጋጀ የምሽት ግብዣ ትሄዳላችሁ ተብለው መኪና ገቡ። ሲወርዱ የጠበቋቸው ፖሊሶች ነበሩ። ሠርጉም ሙሽራውም አልነበሩም።

ከዚህ የተገኘው ፍሬ ትልቅ ነበር። ቢ.ሲ.ሲ.አይ. የተባለው፣ በብዙ አገሮች ቅርንጫፍ የነበረው ባንክ በ1990 በታምፓ ፍርድ ቤት የዕፅ ገንዘብን በማጠብ ጥፋተኛ መሆኑን አመነ። የባንኩ ሹማምንት ታሰሩ። ባንኩም ሌላ ብዙ ማጭበርበር ተገልጦበት በሐምሌ 1991 ተዘጋ። ፍሬውን ብቻ ብናይ «ደግ አደረገ» ብለን ልናልፍ እንችል ነበር። «ሌባን ሌባ ቢሰርቀው ምን ይደንቀው» የሚለው ተረታችንም ይደግፈናል።

ሆኖም እኛ የሠርግ ጥሪ ምን ማለት እንደሆነ እናውቃለን። ሰው ጠላቱን እንኳ በሠርጉ ቀን አይነካም። ያዘነ ሐዘኑን ትቶ፣ የተጣላ ቂሙን አቆይቶ የሚመጣበት ቀን ነው። መርማሪው የተጠቀመው በሰዎቹ ክፋት አይደለም፤ በውስጣቸው በቀረችው ጥቂት ደግነት ነው። ወዳጅ ሲያገባ ደስ ይበለው ብለው በመምጣታቸው ተያዙ። ነገሩ ከባድ የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው። ስውር መርማሪ ጠብመንጃ ይዞ ከፊት ለፊት እንደሚገጥም ወታደር አይደለም። የጦር መሣሪያው የሰው እምነት ነው። ያለ ወዳጅነት ሥራው አይሠራም፤ ወዳጅነቱም ገና ሲጀመር መጨረሻው የታወቀ ነው።

ይህ ጥያቄ ዛሬ የተነሣ እንዳይመስለን። በ420 ገደማ በስጳንያ ሃይማኖታቸውን የሚሰውሩ፣ ምሥጢራቸውንም ለመጠበቅ መዋሸት ይፈቀዳል የሚሉ መናፍቃን ነበሩ። ቆንሴንቲዮስ የተባለ ሰው አንድ ዘዴ አሰበ። ከእኛ ወገን አንዳንዶች እነርሱን መስለው ይግቡና ይያዟቸው የሚል ነው። አሳቡ የዛሬው የፖሊስ ዘዴ ራሱ ነው። አውግስጢኖስ ግን አንድ ሙሉ መጽሐፍ ጽፎ ይህን ተቃወመ። ነገሩ በአጭሩ ሲታይ እንዲህ ነው፤ ውሸታሙን ለመያዝ ከዋሸን ውሸትን አላሸነፍንም፣ በእኛም ቤት አስገባነው እንጂ። ደግሞስ አንድ ጊዜ ለበጎ ነገር እንደምንዋሽ ከታወቀ፣ በኋላ እውነት ስንናገር ማን ያምነናል?

ይህ ጠንካራ መልስ ነው። ቢሆንም ከዚሁ ጎን መጽሐፈ ሳሙኤል የሚተርክልንን እናስታውስ። አቤሴሎም በአባቱ ላይ ሲነሣ፣ የዳዊት ወዳጅ አርካዊው ኩሲ የአቤሴሎም ሰው መስሎ ገባ። በምክሩም የአኪጦፌልን ምክር አፈረሰ፤ ዳዊትም ከሞት አመለጠ። ኩሲ በዛሬ ቋንቋ ስውር መርማሪ ነበር። በታሪኩ ውስጥ ግን ሁለት ነገሮችን ልብ እንበል። አንደኛ፣ ኩሲ ብቻውን አልነበረም። እውነቱን የሚነግራቸው ሁለት ካህናት፣ ሳዶቅና አብያታር፣ በከተማው ውስጥ ነበሩ። ሁለተኛ፣ ድሉ በእልልታ አልተፈጸመም። አኪጦፌል ራሱን ሰቀለ፣ አቤሴሎም ሞተ፣ የዳነውም ንጉሥ ስለ ልጁ አለቀሰ። ውሸቱ ሕይወት አዳነ፤ ነገር ግን ያለ ዋጋ አላዳነም።

«ታዲያ እነዚህ ሰዎች ባይኖሩ ምን ይቀርብናል?» የሚል አይጠፋም። የዚህ ንግድ አለቆች ምን ዓይነት ሰዎች እንደሆኑ ኤንሪኬ ካማሬና የደረሰበትን ማወቅ ይበቃል። ካማሬና የአሜሪካ የአደንዛዥ ዕፅ መቆጣጠሪያ መሥሪያ ቤት መርማሪ ነበር። ይህ መሥሪያ ቤት በ1973 የተቋቋመ ነው። በ1984 የሜክሲኮ ጦር በቺዋዋ ግዛት እጅግ ሰፊ የሆነ የማሪዋና እርሻ ወርሮ አቃጠለ፤ ነጋዴዎቹም በቁጣ መረጃውን ያቀበለውን ሰው ፈለጉ። የካቲት 7 ቀን 1985 ካማሬና በጓዳላሃራ ከተማ በቀን ብርሃን ከመንገድ ላይ ተወሰደ። አብሮት ይሠራ የነበረው ሜክሲካዊው አውሮፕላን አብራሪ አልፍሬዶ ሳቫላም በዚያው ቀን ተያዘ። ሁለቱም ተሠቃይተው ተገደሉ፤ አስከሬናቸው የተገኘው በመጋቢት መጀመሪያ ነው። ካማሬና የ37 ዓመት ሰው፣ የሦስት ልጆች አባት ነበር። ካፈኑት መካከል ሕግን ሊያስከብሩ ደመወዝ የሚቀበሉ የዚያው አገር ፖሊሶች ነበሩበት። ከሞተ በኋላ በአሜሪካ ተማሪዎች በየዓመቱ በጥቅምት መጨረሻ በስሙ ቀይ ሪባን ያደርጋሉ።

ሕግ አስከባሪው ለወንጀለኛው በተሸጠበት ቦታ «በግልጽ ደንብ ልብስ ሄደህ መርምር» ማለት ቀላል ምክር አይደለም። የዕፅ ንግድ ከሌሎች ወንጀሎች የሚለይበት ጠባይም አለው። የተሰረቀ ሰው ይጮኻል፣ የተደበደበ ይከሳል። ዕፅ የገዛ ግን አይከስም፤ ሻጩም ገዢውም ዝም ይላሉ። ከሳሽ የሌለበት ወንጀል የሚታወቀው ከውስጥ ባለ ሰው ነው። ስለዚህ ከአውግስጢኖስ ጋር «ውሸት ውሸት ነው» ብንልም፣ ይህን ሥራ ፈጽሞ ይቅር ለማለት ድፍረቱ የለንም። በእኔ አስተያየት የሚሻለው ውሸቱን መልካም ነው ብሎ አለመቀባት፣ ነገር ግን ሊሻገራቸው የማይገባውን ወሰኖች ለይቶ ማወቅ ነው። እነዚህም ሦስት ናቸው።

የመጀመሪያው ወሰን ይህ ነው፤ ያለውን ወንጀል መግለጥ እንጂ ያልነበረውን መፍጠር አይገባም። በ1958 ለአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የቀረበ አንድ ጉዳይ ይህን ያስተምረናል። ለመንግሥት መረጃ የሚያቀብል ሰው፣ ከዕፅ ሱስ ለመላቀቅ ሲታከም የነበረን ሌላ ሰው በሐኪም ቤት ተዋወቀው። እኔም እንዳንተ ታማሚ ነኝ፣ ሕክምናው አልረዳኝም፣ ሥቃይ በዝቶብኛል፣ ዕፅ የምታገኝበት ታውቃለህና ርዳኝ አለው። ሰውየው በመጀመሪያ ነገሩን ሸሸ። ያ ሰው ግን ደጋግሞ ለመነው። በመጨረሻ አዘነለትና አመጣለት፤ ራሱም ወደ ሱሱ ተመለሰ። ከዚያ ተይዞ አሥር ዓመት ተፈረደበት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፍርዱን ሻረው። መንግሥት ወንጀለኛ ይይዛል እንጂ ወንጀለኛ አይሠራምና።

ልብ በሉ፤ ያ ሰው የወደቀው በስግብግብነቱ አይደለም፣ ለታመመ ሰው በማዘኑ ነው። ወደ ፈተና እንዳንገባ በየዕለቱ የምንጸልይ ሰዎች ይህን ነገር ከማንም በላይ ልንረዳው ይገባል። ፈታኝ መሆን የማን ሥራ እንደሆነ እናውቃለን። ወደ ገደል የሚሮጠውን ተደብቆ መያዝ አንድ ነገር ነው፤ ከገደሉ አፋፍ የተመለሰውን ጎትቶ ወስዶ «ይኸው ወደቀ» ማለት ሌላ ነገር ነው።

ሁለተኛው ወሰን፣ ውሸቱ ከዳኛ ፊት መድረስ የለበትም። ከአህያ ጋር የዋለች ጊደር ምን ተምራ እንደምትመጣ ተረታችን ይነግረናል። በ1970ዎቹ መጨረሻ በቴክሳስ ግዛት በታይለር ከተማ ኪም ዎዘንክራፍት የተባለች ወጣት ፖሊስ በስውር እንድትሠራ ተላከች። ከዕፅ ሻጮች መካከል የገባ ሰው «አልወስድም» ካለ ይጠረጠራል። እርስዋና ባልደረባዋ ለመታመን ብለው ወሰዱ፤ ቆይተው ያለ እርሱ መኖር አቃታቸው። አለቆች ውጤት ይፈልጋሉ፤ በተለይ አንድ የምሽት ክበብ ባለቤት እንዲያዝ ይፈለግ ነበር። ማስረጃው በእውነት አልተገኘም፤ በሐሰት ተገኘ፤ በፍርድ ቤትም በመሐላ ተመሰከረበት። ከመቶ በላይ ሰዎች የተያዙበት ዘመቻ በኋላ ገመናው ወጣ። ዎዘንክራፍት እውነቱን ተናግራ ራስዋ 18 ወር ያህል ታሰረች። በ1990 ይህንኑ ሕይወት መነሻ ያደረገ ልቦለድ አሳተመች።

እዚህ ላይ የነቃሹ እሾህ ጫፍ ተሰብሮ እንደቀረ እናያለን። በወንበዴ ፊት «እኔ ሙሴላ ነኝ» ያለ ሰው ያታለለው ወንበዴን ነው። በዳኛ ፊት «አይቻለሁ» ብሎ ያላየውን የሚመሰክር ግን የሚያታልለው ሕዝቡን በሙሉ ነው። የመጀመሪያው ውሸት እውነት ወደሚነገርበት አደባባይ ለመድረስ የተሄደበት ጨለማ መንገድ ነው ልንል እንችላለን። አደባባዩ ራሱ ከጨለመ ግን የመንገዱ ዋጋ ምንድን ነው? ስለዚህ ለኩሲ ሳዶቅና አብያታር እንዳስፈለጉት፣ ለዚህም ሰው ዘወትር እውነቱን የሚነግረው፣ «በቃህ፣ ተመለስ» ሊለው የሚችል ሰው ያስፈልገዋል። ውጤት ብቻ የሚጠይቅ አለቃ ይህን ሊሆን አይችልም።

ሦስተኛው ወሰን በመከራው ተሸካሚ ላይ የተመሠረተ ነው። ኒል ዉድስ የተባለ እንግሊዛዊ ከ1993 ጀምሮ ለ14 ዓመት ያህል በስውር ሠራ። እንደ ሄሮይን ሱሰኛ ለብሶ፣ በየጎዳናው ከሱሰኞች ጋር እየዋለ፣ በእነርሱ በኩል ወደ አቅራቢዎቹ ይደርስ ነበር። በሥራው የተፈረደባቸው ሰዎች የእስራት ዘመን ቢደመር ከአንድ ሺህ ዓመት እንደሚበልጥ ተናግሯል። ሆኖም ከሥራው ከወጣ በኋላ የዕፅ ሕግ እንዲለወጥ ከሚከራከሩት አንዱ ሆነ። ምክንያቱን ሲያስረዳ፣ ወደ አለቆቹ የሚያደርሰው መሰላል ምንጊዜም ደካማው ሱሰኛ ነው ይላል። ቤት የሌለው፣ የታመመ፣ ወዳጅ የተራበ ሰው ፈጥኖ ያምናል። አለቆቹም ስውር ፖሊስ መኖሩን ሲያውቁ ጭካኔያቸውን ይጨምራሉ፤ ሰው እንዳይናገር ያስፈራራሉ፣ ይደበድባሉ። በኖርዝሃምፕተን ከተማ ከወራት ድካም በኋላ ብዙ ሰዎች ቢያዙም፣ የዕፁ አቅርቦት የተቋረጠው ሁለት ሰዓት ያህል ብቻ እንደነበረ ይናገራል።

በዉድስ መደምደሚያ የሚስማማም የማይስማማም ይኖራል። ሕጉ እንዴት ይሁን የሚለው ሰፊ ክርክር ነውና እዚህ አንጨርሰውም። የሥነ ምግባሩ ነጥብ ግን ግልጽ ነው። ማዙር ያታለላቸው ሰዎች ባንክና አውሮፕላን የነበራቸው፣ ምርጫቸውን የሚያውቁ ሰዎች ናቸው። በኖርዝሃምፕተን ጎዳና የተታለለው ግን ራሱ የዕፁ ምርኮኛ ነው። አንዱ መረብ ዓሣ ነባሪ ሲይዝ ሌላው ቁራጭ ዓሣ ይለቅማል። የውሸታችን ዋጋ ሁልጊዜ በድሀው ትከሻ ላይ የሚያርፍ ከሆነ፣ «ለበጎ ነገር» የሚለው ቃል ሊያሳፍረን ይገባል።

ከእነዚህ ሦስት ወሰኖች ስንነሣ የመጀመሪያውን ጥያቄ መመለስ እንችላለን። ጆሮ ጠቢ ንጹሑን ሰው ለኃይለኛው ይሸጣል፤ ለጥቅሙም ይሠራል፤ የሰማውንም በሥውር ይናገራል እንጂ ፊቱን አሳይቶ አይመሰክርም። እውነተኛው መርማሪ ግን ኃይለኛውን ለሕግ ያቀርባል፤ በመጨረሻም በገዛ ስሙ ፍርድ ቤት ቆሞ፣ ለጥያቄ ራሱን አቅርቦ ይመሰክራል። ልዩነታቸው ይህ ነው። ልዩነቱ ግን እንደ ግንብ የቆመ አይደለም፤ በየቀኑ ሊሻገሩት የሚቻል ቀጭን መስመር ነው። የዚህ ሰው ትልቁ አደጋ ጥይት ብቻ አለመሆኑ ለዚህ ነው። ጭንብል ለረዥም ጊዜ የለበሰ ፊት ጭንብሉን መምሰል ይጀምራል።

አንድ ነገር ልጨምር። ይህን ሰው የሚልከው ሕዝብ ነው። ሕዝብ በሰላም እንዲተኛ እርሱ በሐሰት ስም ያድራል። እኛ «ውሸት ኃጢአት ነው» እያልን በንጽሕና ተቀምጠን የውሸቱን ፍሬ ስንበላ፣ ሸክሙን በእርሱ ላይ ብቻ ጥለን መሄዳችን ነው። ተሰብሮ ሲመለስ የሚያሳክመው፣ የሚያዳምጠው፣ ወደ ገዛ ስሙ የሚመልሰው ያስፈልጋል። አመስግኖ መሸኘት ብቻ ዕዳን አይከፍልም።

ለእኛ ለወጣቶችስ ምን ይቀርልናል? ከመካከላችን ስውር መርማሪ የሚሆን ጥቂት ነው፤ ምናልባትም የለም። ነገር ግን በሱስ መንገድ ላይ እግሩን ያነሣ ጓደኛ የሌለው ማን ነው? በትምህርት ቤት፣ በሰፈር፣ አንዳንዴም በዚሁ በጉባኤያችን አለ። እኛ ለእርሱ ያለን ዕድል ማዙርም ዉድስም ያልነበራቸው ዕድል ነው። ስም ሳንለውጥ፣ መቅረጫ ሳንደብቅ፣ በገዛ ፊታችን ወደ እርሱ ልንሄድ እንችላለን። «ወንድሜ፣ አይቼሃለሁ፤ ዝም አልልህም፤ አልተውህምም» ልንለው እንችላለን። ይህ ንግግር ይከብዳል፤ ጓደኝነትንም ሊያስቀይም ይችላል። ብዙዎቻችን ዝምታን የምንመርጠው «ሰላይ» እንዳንባል ፈርተን ነው። ይሁን እንጂ ሰላይ የሚሸሸገው ፊቱን ነው፤ ወዳጅ ግን የሚመጣው ፊት ለፊት ነው።

እውነት በጊዜዋ ተነግራ ቢሆን ኖሮ ውሸት የማያስፈልግባቸው ብዙ ቤቶች አሉ። አባት ቀድሞ ቢጠይቅ፣ ጓደኛ ቀድሞ ቢናገር፣ ፖሊስ ጉቦ ባይቀበል፣ ባንክ የገንዘቡን ምንጭ ቢመረምር፣ አንድ ሰው ስሙን ጥሎ፣ ልጆቹን ትቶ፣ በሐሰት ሠርግ እንዲሞሸር ባላስፈለገም ነበር። ስለዚህ ዛሬ ማታ ወደየቤታችን ስንሄድ፣ እያየነው ዝም ያልነው አንድ ሰው ካለ በሩን እናንኳኳ። ማን ነው ሲለንም በእውነተኛ ስማችን እንመልስለት።